አቦልን ያየው የለም

እስቲ ጠጋ ጠጋ በሉና ስሙኝ። የምነግራችሁ ነገር ረጅም ነው፤ ከደብረ ብርሃን ግቢ ይነሳል፣ አሜሪካ ይሻገራል፣ በፈረንሳይ በኩል ይዞራል፣ ከዚያም ብርሃን እንኳ ሁለት መቶ ዓመት ገደማ ተጉዞ የሚደርስበት ቦታ ድረስ ይዘልቃል።

ወሩ ታኅሣሥ ነው፤ ያለፈው ታኅሣሥ። አክስቴን ልጠይቅ ደብረ ብርሃን ሄጄ ነበር። የደብረ ብርሃንን የታኅሣሥ ሌሊት የሚያውቅ ያውቀዋል፤ ጋቢ በጋቢ ላይ ቢደርቡም ጣት ይደነዝዛል። ሰማዩ ግን በዚያ ወር ጥርት ይላል። ክረምት ያጠበው፣ ነፋስ ያደረቀው፣ ደመና የሚባል ያልዞረበት ሰማይ ነው። ከምሽቱ ሦስት ሰዓት ሲሆን ከወዳጅ የተዋስኩትን ባይኖኩላር አንገቴ ላይ አንጠልጥዬ ግቢው መሃል ቆምኩ፤ ፊቴንም ወደ ሰሜን አዞርኩ።

ከቤት ውስጥ የተቆላ ቡናና የዕጣን ሽታ ይመጣል። አክስቴ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ተጣሩ።

«አቦሉ ደርሷል፤ ግባ እንጂ ልጄ!»

«መጣሁ አክስቴ። አቦልን እየፈለግሁ ነው።»

«አቦሉማ ይኸው እዚህ ተቀድቶ! ምን ትፈልገዋለህ ደጅ?»

እውነታቸውን ነው። እሳቸው የሚያውቁት አቦል ከጀበናው መጀመሪያ የሚወርደውን፣ ወፍራሙን፣ ጎረቤት የሚጠራበትን ስኒ ነው። እኔ የምፈልገው ሌላ አቦል ነው፤ እሱም ግን ስሙን ያገኘው ከዚያው ስኒ ነው።

ቡና የሚባል ኮከብ አለ። የዓለም አቀፉ የሥነ ፈለክ ኅብረት በመዝገቡ ያጸደቀው ስም ነው። ኮከቡ የፀሐይ ወገን ነው፤ በክብደት ግን በሲሶ ገደማ ይበልጣታል። ይህን ኮከብ አንድ ግዙፍ የጋዝ ፕላኔት ይዞረዋል። የፕላኔቱ ስም አቦል ነው። ሁለቱንም ስም ያወጣችላቸው ኢትዮጵያ ናት።

ይህን የማያውቅ ኢትዮጵያዊ ስንት ነው? እኔ ያገኘሁትን ሰው ሁሉ ጠይቄያለሁ፤ አብዛኛው አልሰማም። ለዚህ ነው ዛሬ ከመጀመሪያው አንስቼ የምተርክላችሁ።

ኮከቡ ስም ከማግኘቱ በፊት ቁጥር ነበረው። ቁጥሩን ለማወቅ ወደ ሃርቫርድ እንሂድ።

ሄንሪ ድሬፐር የሚባል አንድ የኒውዮርክ ሐኪም ነበር። ሙያው ሕክምና ይሁን እንጂ ልቡ ከዋክብት ላይ ነበረ። የኮከብ ብርሃን በፕሪዝም በኩል ሲያልፍ ምን ይመስላችኋል? እንደ ነጠላ ጥለት ይዘረጋል። ከቀይ እስከ ወይን ጠጅ ቀለሙ በተርታ ይሰደራል፤ በጥለቱ ላይ ደግሞ ቀጫጭን ጥቁር ክሮች ጣል ጣል ብለው ይታያሉ። እያንዳንዱ ክር የአንድ ንጥረ ነገር ምልክት ነው፤ ይኼ የሃይድሮጅን፣ ያ የካልሲየም፣ ይኼኛው የብረት። ድሬፐር ያንን የኮከብ ጥለት በፎቶግራፍ ለማስቀረት ከቻሉት የመጀመሪያዎቹ ሰዎች አንዱ ሆነ። እ.ኤ.አ. በ1882 በሞት ሲለይ ባለቤቱ አና ፓልመር ድሬፐር ሥራው አብሮት እንዳይቀበር ብላ ለሃርቫርድ የከዋክብት መመልከቻ ጣቢያ ገንዘብ ሰጠች።

በዚያ ገንዘብ ከተሠራው ሥራ ትልቁን የተሸከመችው አኒ ጃምፕ ካነን ናት። ጆሮዋ በጣም ደካማ ነበር፤ ዓይኗ ግን ዓይን ነበር! መስታወት ላይ የተነሳውን ፎቶግራፍ ብርሃን ፊት ታቆመዋለች፣ ማጉያዋን ትይዛለች፣ ከደቃቃዎቹ ጥለቶች አንዱን አይታ ምድቡን ትጠራለች፤ አጠገቧ ያለችው ረዳት ትጽፋለች። ቀጥሎ ሌላ። ቀጥሎ ሌላ። እ.ኤ.አ. ከ1911 እስከ 1915 ባሉት ዓመታት እንዲህ እያለች ከሁለት መቶ ሺህ በላይ ከዋክብትን መደበች። መዝገቡ ከ1918 እስከ 1924 በተከታታይ ጥራዞች ታትሞ ሲያልቅ 225,300 ከዋክብት ተቆጥረውበት ነበር። በሐኪሙም ስም የሄንሪ ድሬፐር መዝገብ ተባለ፤ ባጭሩ «ኤችዲ»።

16,175ኛው ላይ የሰፈረው የእኛው ቡና ነው። ኤችዲ 16175። ያን ጊዜ ማንም ልዩ ነገር አላየበትም፤ ከሺዎቹ አንዱ ነበር።

ዘጠና ዓመት ገደማ እንዝለል።

ካሊፎርኒያ ውስጥ፣ ከሳን ሆዜ ከተማ በላይ፣ ሃሚልተን የሚባል ተራራ አለ። አናቱ ላይ ሊክ የተባለው የከዋክብት መመልከቻ ጣቢያ ተሠርቷል። ገንዘቡን የተናዘዘው ጀምስ ሊክ ፒያኖ ሠሪ ነበር፣ ኋላም በመሬት የበለጸገ ሰው ሆነ፤ አስከሬኑ እዚያው ከትልቁ ቴሌስኮፕ ሥር አርፏል። በዚህ ተራራ ላይ ያሉ ሰዎች ኤችዲ 16175ን ለዓመታት እየተመላለሱ ያዩት ነበር። የሚፈልጉት መንቀጥቀጡን ነው።

የምን መንቀጥቀጥ? አባት የልጁን ሁለት እጅ ይዞ ሲያሽከረክረው አይታችኋል። ልጁ በሰፊው ይዞራል፣ ይስቃል። አባትየውን ግን ልብ ብላችሁ እዩት፤ እሱም ወደ ኋላ ዘንበል ብሎ፣ በጠባቡ፣ እግሩ ሥር ይዞራል። ልጁን በጨለማ ቢሰውሩት እንኳ ከአባትየው አቋም ብቻ እጁ ላይ ልጅ እንዳለ፣ ምን ያህል እንደሚከብድ፣ በስንት ጊዜ እንደሚዞር ማወቅ ይቻላል። ኮከብና ፕላኔትም እንዲሁ ናቸው። ፕላኔቱ በኮከቡ ብርሃን ተውጦ አይታይም። ኮከቡ ግን ሲጎተት ያስታውቅበታል፤ አንዴ ወደ እኛ ቀረብ፣ አንዴ ከእኛ ራቅ ይላል።

ይህ መቅረብና መራቅ የሚነበበው ከዚያው ከጥለቱ ላይ ነው። አምቡላንስ እየጮኸ ወደ እናንተ ሲመጣ ድምፁ ይቀጥናል፤ አልፏችሁ ሲሄድ ይወፍራል። ብርሃንም እንዲያ ነው። ኮከቡ ወደ እኛ ሲመጣ ጥቁሮቹ ክሮች ወደ ሰማያዊው ፈቀቅ ይላሉ፤ ሲርቅ ወደ ቀዩ። ምን ያህል ፈቀቅ? አቦል ቡናን በሰከንድ ወደ መቶ ሜትር በሚሆን ፍጥነት ነው የሚጎትተው። ብርሃን በሰከንድ ሦስት መቶ ሺህ ኪሎ ሜትር ይሄዳል። እንግዲህ አካፍሉት፤ ክሩ የሚንቀሳቀሰው ከሦስት ሚሊዮን እጅ አንዷን ነው። ይህን በምን ይለኩታል?

በአዮዲን። እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ከታሪኩ ሁሉ እኔን የሚማርከኝ ይኼ ነው። አዮዲን ያው ቁስል ላይ የሚቀባው፣ ለእንቅርት ብለን ጨው ውስጥ የምንጨምረው ነው። በትንሽ የመስታወት ዕቃ ውስጥ አሽገው ሞቅ ሲያደርጉት ወደ ወይን ጠጅ ጋዝ ይለወጣል። ያንን ዕቃ የኮከቡ ብርሃን በሚያልፍበት መንገድ ላይ ያቆሙታል። ሁለት መቶ ዓመት ገደማ ተጉዞ የመጣው ብርሃን፣ ከመዘርጋቱ በፊት፣ በዚያች የመስታወት ዕቃ ውስጥ ያልፋል፤ አዮዲኑም የራሱን በሺህ የሚቆጠሩ ቀጫጭን መስመሮች ያትምበታል። የአዮዲኑ መስመሮች ከቦታቸው አይነቃነቁም። የኮከቡ ክሮች ደግሞ እነሱ መሃል ይንሸራተታሉ። ልብስ ሰፊ ሜትሩን ጨርቁ ላይ ዘርግቶ እንደሚለካው ማለት ነው፤ ልዩነቱ ሜትሩ ራሱ ጨርቁ ውስጥ መሸመኑ ነው። በዚህ ዘዴ በሰከንድ ሦስት ሜትር ያህሏን እንቅስቃሴ፣ ሰው በሶምሶማ የሚሮጥባትን ፍጥነት፣ ከከዋክብት ላይ ማንበብ ተቻለ።

ጁፒተር ራሱ፣ ያ ግዙፉ የእኛ ፕላኔት፣ ፀሐይን የሚያንቀሳቅሳት በሰከንድ አሥራ ሁለት ሜትር ተኩል ያህል ነው። ቡና ላይ የታየው ወደ መቶ ቀረበ። ስለዚህ የሚጎትተው ነገር ትንሽ ሊሆን አይችልም።

እ.ኤ.አ. በ2009 ካትሪን ፒክና ባልደረቦቿ ግኝቱን በአንድ የሳይንስ መጽሔት አሳተሙ። በጽሑፉ ርዕስ ላይ ያጠኗቸውን ከዋክብት ያረጁና የበለጸጉ ይሏቸዋል፤ ሁለቱም ቃል እውነት ነው። ያረጀ የሚባለው ቡና በማዕከሉ ያለውን ሃይድሮጅን አንድዶ ወደ መጨረሱ ስለደረሰ፣ ማበጥም ስለጀመረ ነው። ፀሐያችንም ከአምስት ቢሊዮን ዓመት ያህል በኋላ ይኸው ዕጣ ይጠብቃታል። ብልጽግናው ደግሞ የብረታ ብረት ነው፤ ሥነ ፈለካውያን ከሃይድሮጅንና ከሂሊየም የከበደውን ሁሉ፣ ኦክስጅንንም ካርቦንንም ሳይቀር፣ ብረታ ብረት ይሉታል። በዚህ ሀብት ቡና ፀሐይን ከእጥፍ በላይ ይበልጣታል። ግዙፍ የጋዝ ፕላኔት ደግሞ እንዲህ ባሉ ሀብታም ከዋክብት ዙሪያ ነው በብዛት የሚገኘው። መጀመሪያ ድንጋይና በረዶ ተጋግሮ ትልቅ ፍሬ ይሠራል፤ ፍሬው ሲከብድ ከዙሪያው ጋዙን ወደ ራሱ ይስባል፤ እየሳበ ይወፍራል። ፍሬ የሚሆን ነገር ያልሞላበት ቤት ውስጥ ይህ አይሆንም።

ከጥቂት ዓመታት በኋላ በደቡብ ፈረንሳይ ኦት ፕሮቫንስ የሚገኘው ጣቢያ ሶፊ በተባለው መሣሪያው ኮከቡን እንደገና ለካው፤ ውጤቱም እ.ኤ.አ. በ2016 ወጣ። ይህ ጣቢያ ዝም ብሎ የሚታለፍ ጣቢያ አይደለም። ሚሼል ማዮርና ዲዲየ ኬሎ እ.ኤ.አ. በ1995 ፀሐይን የሚመስል ኮከብ የሚዞር የመጀመሪያውን ፕላኔት ያገኙት እዚያው፣ በዚያው ቴሌስኮፕ ነው። ያ ፕላኔት በአራት ቀን ከአምስት ሰዓት ያህል አንድ ዙር ይጨርሳል፤ እንደ ጁፒተር ያለ ግዙፍ ነገር ኮከቡ ጉያ ገብቶ ሲሽከረከር ሲታይ ብዙዎች ማመን አቅቷቸው ነበር። ሁለቱ ሰዎች እ.ኤ.አ. በ2019 የኖቤልን ሽልማት ተካፈሉ። ያቺን ዓመት ያዙልኝ፤ እመለስባታለሁ።

አሁን አቦልን ልግለጽላችሁ።

ክብደቱ ቢያንስ ከአራት ጁፒተር በላይ ነው፤ የፈረንሳዮቹ ልኬት ወደ አምስት ያስጠጋዋል። መሬታችንን አንድ ሺህ አምስት መቶ ጊዜ ያህል ደራርባችሁ ሚዛን ላይ ብታወጧት ነው እሱን የምትስተካከለው። ቢያንስ የምለው የምሕዋሩ ዝንባሌ ወደ እኛ እንዴት እንደሆነ በዚህ መንገድ ስለማይለካ ነው። እግር የሚቆምበት መሬት የለውም፤ ወደ ውስጥ በገባችሁ ቁጥር ጋዙ እየጠበበ፣ እየጠበቀ፣ እየጋለ ይሄዳል እንጂ ደረስን የሚባልበት ወለል አይገኝም።

መንገዱ ደግሞ! የእኛ ፕላኔቶች ምሕዋር ክብ ለመባል ጥቂት የቀረው ነው። የአቦል ግን የረዘመ ሞላላ ነው። ሲቀርብ ከቡና ወደ 120 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር ድረስ ይመጣል፤ መሬት ለፀሐይ ካላት ቅርበት ይበልጣል። ሲርቅ ከ500 ሚሊዮን አልፎ ይሄዳል፤ በእኛ ሰፈር ቢሆን ከማርስ ወዲያ፣ ከጁፒተር ወዲህ መሆኑ ነው። ሲቀርብ ይጣደፋል፣ ሲርቅ ያዘግማል፤ የፍጥነቱ ልዩነት አራት እጥፍ ያህል ነው። ሲቀርብ የሚያገኘው ብርሃንና ሙቀት ሲርቅ ከሚያገኘው ከአሥራ ስድስት እጥፍ አያንስም። ይህን ሁሉ ዞሮ ለመጨረስ ወደ 990 ቀን ይፈጅበታል፤ ሁለት ዓመት ከስምንት ወር ተኩል ገደማ።

እንዲህ ያለ መንገድ ላይ ማን ጣለው? ብዙ ሊቃውንት የሚያስቡት፣ ገና በልጅነቱ ወንድም ነበረው፣ ሁለቱ ግዙፎች በስበት ተገፋፉ፣ አንዱ ከቤቱ ወጥቶ በጨለማው ቀረ፣ ሌላው መንገዱ ተጣመመ ብለው ነው። በአቦል ላይ በእርግጥ የደረሰው ይህ መሆኑን የመሰከረ የለም። እኔ ግን ስለ አቦል ባሰብኩ ቁጥር ያ ወንድም ይመጣብኛል።

ወደ ስሙ እንመለስ። የዓለም አቀፉ የሥነ ፈለክ ኅብረት የተቋቋመው እ.ኤ.አ. በ1919 ነው። መቶኛ ዓመቱን ሲያከብር አንድ መልካም ነገር አሰበ፤ ለእያንዳንዱ ሀገር አንድ ኮከብና አንድ ፕላኔት ይሰጠው፣ ሕዝቡ ራሱ ስም ያውጣላቸው። ኮከቡ ከዚያ ሀገር ሰማይ ላይ የሚታይ መሆን ነበረበት፤ በትንሽ ቴሌስኮፕም የሚገኝ። ከመቶ በላይ ሀገሮች ተሳተፉ። ቡርኪና ፋሶ የወንዞቿን ስም ሰጠች፤ ኮከቡን ሙሁን፣ ፕላኔቱን ናካንቤ አለች። ደቡብ አፍሪካ ኮከቡን ናሌዲ፣ ፕላኔቱን በታሪኳ በምትታወቀው የኮይ ሴት ስም ክሮቶዋ አለችው። ለእኛ የደረሰን ኤችዲ 16175 ነበር። ቡና አልነው። ልጁንም አቦል።

እኔ በዚህ ስም እኮራለሁ፤ ምክንያቴን ልንገራችሁ። የንጉሥ ስም ሊወጣለት ይችል ነበር፣ የጦር ሜዳም ስም፣ የተራራም። በየትኛውም ቢሆን አንዱ ሲደሰት ሌላው ፊቱን ማዞሩ አይቀርም ነበር። ቡና ግን የማን ነው? አማርኛ ተናጋሪው ቡና ይላል፣ ኦሮምኛ ተናጋሪውም ቡና ይላል፣ ትግርኛ ተናጋሪው ቡን ይላል። ተክሉ ከደቡብ ምዕራብ ጫካችን ወጥቶ ዓለምን አዳርሷል። አቦል ደግሞ ለብቻ የማይጠጣ ነው። አቦል ሲፈላ በር ይከፈታል፤ ጎረቤት ይጠራል፤ የተኳረፈ ይታረቃል፤ ለቅሶም ሠርግም በእሱ ላይ ይወራል። ከሰማይ ለተሰጠን እንግዳ ከዚህ የሚሻል ምን ይቀርባል?

ስሞቹ በይፋ የተነገሩት ታኅሣሥ 7 ቀን 2012 ዓ.ም. ነው፤ እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 17 ቀን 2019። በሦስተኛው ቀን፣ ታኅሣሥ 10 ማለዳ፣ የኢትዮጵያ የመጀመሪያዋ ሳተላይት ከቻይና ታይዩዋን ጣቢያ ተተኮሰች። ሰባ ኪሎ ግራም የምታልፍ፣ መሬትን ከላይ የምትቃኝ ሳተላይት ናት። በዚያ ማለዳ ባለሥልጣናትና ሳይንቲስቶች እንጦጦ ላይ፣ አንድ አንድ ሜትር ስፋት ያላቸው ሁለት ቴሌስኮፖች ባሉበት ጣቢያ ተሰብስበው በቀጥታ ስርጭት ተከታተሏት። ማዮርና ኬሎ ኖቤላቸውን ስቶክሆልም ላይ የተቀበሉትም ከዚያው ሳምንት ቀደም ብሎ ነበር። የሳተላይቷ ዜና ገንኖ የኮከቡን ዜና ሸፈነው መሰለኝ። ባይሸፍነው ኖሮ ዛሬ ልጆቻችን ሁሉ ቡና የቱ ጋ እንዳለ በጣታቸው ያሳዩን ነበር።

የቱ ጋ ነው? ታሪኩ ይበልጥ የሚጥመው እዚህ ላይ ነው።

ቡና የሚገኘው አንድሮሜዳ በሚባለው የከዋክብት ስብስብ ውስጥ ነው። አንድሮሜዳ ማን ናት? ግሪኮች በጥንት ተረታቸው የኢትዮጵያው ንጉሥ የሴፌዎስና የንግሥት ካሲዮፔያ ልጅ ይሏታል። ንግሥቲቱ በውበት ተመክታ የባሕርን ቆነጃጅት ናቀች፤ የባሕሩም አምላክ ተቆጥቶ አውሬ ሰደደ። ሕዝቡ እንዲድን ልዕልቲቱ ለአውሬው ትሰጥ ተባለና በባሕር ዳር ከዓለት ጋር በሰንሰለት ታሰረች። ሜዱሳ የምትባለውን ፀጉረ እባብ ገድሎ ራሷን ይዞ የሚመለሰው ፐርሲየስ ደርሶ አዳናት፤ አገባትም። አባት፣ እናት፣ ልጅ፣ ባል፣ ሁሉም በሰማይ ጎን ለጎን ተሳሉ።

ግሪኮች ኢትዮጵያ ሲሉ ከግብፅ በስተደቡብ ያለውን ሰፊ ምድር ማለታቸው ነው፤ ታሪኩን ኢዮጴ ባሕር ዳር የሚያደርጉትም አሉ። የዛሬውን ካርታ ዘርግቼ ይቺ የእኛ ናት አልልም። ነገር ግን ከሁለት ሺህ ዓመት በላይ ሰዎች ቀና ብለው የኢትዮጵያ ልዕልት ሲሏት በኖሩት፣ በሰንሰለት በታሰረችው ሴት ክልል ውስጥ አሁን ቡና ይነዳል። ሳስበው ደስ ይለኛል።

ቦታውም በምልክት ይገኛል። ከልዕልቲቱ እግር ላይ አልማክ የምትባል ደማቅ ኮከብ አለች። ከእሷ በስተምሥራቅ አልጎል አለ፤ ፐርሲየስ የያዘው የሜዱሳ ራስ፣ በየሦስት ቀኑ ገደማ ለጥቂት ሰዓት የሚደበዝዘው። በእነዚህ በሁለቱ መካከል መስመር አስምሩ፤ መሃሉ ላይ ስትደርሱ፣ እዚያው ነው። በልዕልቲቱ እግርና በሜዱሳ ራስ እኩል መንገድ ላይ ማለት ነው። በባዶ ዓይን አይታይም፤ ለዚያ ትንሽ ደብዘዝ ይላል። ባይኖኩላር ግን ይበቃዋል።

እኔም ያን ማታ የማደርገው ይህንኑ ነበር። አልማክ በግራዬ፣ አልጎል በቀኜ። መሃላቸውን ስቃኝ መጀመሪያ ዓይኔ የገባው የከዋክብት መንጋ ነው፤ በሰፌድ ላይ እንደተበተነ ሰሊጥ ያለ፣ ሜሲየር 34 የሚሉት። መንጋው ከቡና በስተጀርባ እጅግ የራቀ ነው፤ ከዚህ ሲታይ ብቻ ነው የተጎራበቱት። ከመንጋው ወደ ላይና ወደ ግራ፣ ክንዴን ዘርግቼ ከማያት ከትንሿ ጣቴ ስፋት ጥቂት ለቀቅ ብሎ፣ አንዲት ነጥብ ነበረች። ካርታውን በእጅ ባትሪ አየሁ። ተመልሼ አየሁ። ናት።

እጄ በብርድ ይንቀጠቀጣል፤ ነጥቧም አብራ ትንቀጠቀጣለች። ያየሁት ብርሃን ከቡና የወጣው ወደ 195 ዓመት በፊት ነው። ዘመነ መሳፍንት ነበር። ጎንደር ላይ ንጉሥ በስም እንጂ በሥልጣን አልነበረም፤ ኋላ ቴዎድሮስ የሚባለው ካሳ ኃይሉም ገና ልጅ ነበር። እሱ ሸፈተ፣ ነገሠ፣ መቅደላ ላይ ወደቀ፤ ብርሃኑ መንገድ ላይ ነበር። አድዋ ሆነ፤ መንገድ ላይ ነበር። ካነን መስታወቷን ይዛ ስትቆጥር የደረሰላት የዚያው ኮከብ ሌላ ብርሃን ነው፤ ይኼኛው ገና ይመጣ ነበር። አሁን ደብረ ብርሃን፣ አክስቴ ግቢ ደረሰ። የከተማዋ ስም ራሱ የመጣው በዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ ዘመን በሰማይ ታየ ከተባለ ብርሃን ነው።

አክስቴ ጋቢያቸውን ተከናንበው ወጡ። ባይኖኩላሩን ተቀበሉኝና ረጅም ጊዜ ያዙት።

«ብዙ ናቸው ልጄ። የትኛው ነው?»

«መንጋውን አገኙት? ከእሱ ወደ ላይ፣ ወደ ግራ።»

ዝም አሉ። ከዚያ፣ «አለች አንዲት፤ ትንሽ ናት» አሉ።

«እሷ ናት ቡና።»

«አቦሉስ?»

«አቦል አይታይም አክስቴ። ያየው የለም። ቡናን ሲነቀንቀው ነው ያወቁት። በእሱ ዓመት ቢቆጠር እርስዎ ገና የሃያ አራት ዓመት ልጅ ነዎት።»

ስልሳ አምስት ዓመታቸው ነው። ፈገግ አሉ፤ ዓይናቸውን ግን ከባይኖኩላሩ አላነሱም።

«ቶናውና በረካውስ?»

ይህን ጥያቄ ከሳቸው በፊት ማንም አልጠየቀኝም። እስካሁን በቡና ዙሪያ የታወቀው አንድ ፕላኔት ነው። አቦል እንዲያ እየተወረወረ በሚቀርብበትና በሚርቅበት ሰፊ ቀለበት ውስጥ ሌላ ፕላኔት ተረጋግቶ ሊኖር ይከብደዋል። ከዚያ ወዲያ በሩቅ፣ ወይም ከዚያ ወዲህ በጣም ቀርቦ፣ ቢኖር ግን ስሙ ተዘጋጅቶለታል፤ እንዲሁ አልኳቸው።

«ይኖራል እንጂ» አሉ። «አቦል ብቻውን የሚፈላበት ቤት የት አለ?»

ባይኖኩላሩን መልሰውልኝ ገቡ። እኔም ተከተልኳቸው። ቶናው እየተቀዳ ነበር። አቦሌን የስኒ ማስቀመጫ ከድነው ረመጡ አጠገብ አስቀምጠውልኝ ኖሯል፤ ገና ይሞቅ ነበር።